ነጭ መስለው ስላለፉና አናልፍም ስላሉ የሆሊውድ ተዋንያን የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ይድረስ፦ የፊልም ታሪክ ለምታስተምሩ መምህራን፣ እንዲሁም ስለ ፊልም በአማርኛ ለምትጽፉ፣ በሬዲዮና በዩቲዩብ ለምትተርኩ ሁሉ

ጉዳዩ፦ በቀድሞው የሆሊውድ ዘመን ስለነበሩ ክልስ ተዋንያን የምንሰጠውን ፍርድ እንድትመረምሩ ስለመጠየቅ

የተከበራችሁ መምህራን፣ ጸሐፊዎችና ተራኪዎች፣

ስለ ቀድሞው ሆሊውድ በሚቀርቡ ትረካዎች ውስጥ የተዋናይቷ የመርል ኦቤሮን ታሪክ ደጋግሞ ይነሳል። በተለይ ሚሼል ዮ በ2023 በምርጥ ዋና ተዋናይት ዘርፍ ኦስካር ከወሰደች ወዲህ፣ ከእርሷ ብዙ ዓመት ቀደም ብሎ በዚያው ዘርፍ የታጨች የእስያ ደም ያላት ተዋናይት እንደነበረች፣ ይህንንም ሸሽጋ ኖራ እንደሞተች ይነገራል። (በዚህ ደብዳቤ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) እስከዚህ ድረስ የሚባለው እውነት ነው። የሚያሳዝነኝ ከዚያ ቀጥሎ የሚመጣው ፍርድ ነው። ሴትዮዋ ዘሯን እንደካደች፣ ያሳደገቻትን ሰው እንደ ገረድ አድርጋ ለእንግዳ እንዳሳየች፣ ለዝና ስትል ማንነቷን እንደሸጠች ይነገረንና ታሪኩ በዚያው ይዘጋል። እንዲህ ለመሆን ያስገደዳት ደንብ፣ ደንቡን ያስፈጽም የነበረው ጽሕፈት ቤት፣ ከመሸሸጓም ያተረፈው የፊልም ኩባንያ ስማቸው እንኳ ሳይነሳ ይቀራል።

እኔ ይህ ፍርድ የተሳሳተ ነው ብዬ አምናለሁ፤ የምጽፍላችሁም ስለዚህ ነው። በ1930ዎቹ ክልስ የሆነ ሰው በሆሊውድ የፍቅር ፊልም ላይ ዋና ተዋናይ ለመሆን ከፈለገ ነጭ መስሎ ከማለፍ፣ ማለትም ዘሩን ሸሽጎ እንደ ነጭ ከመኖር፣ በቀር መንገድ አልነበረውም፤ በሩን የዘጋውም በጽሑፍ የሰፈረ ደንብ ነበር። ያው ኢንዱስትሪ ግን በሚሠራቸው ፊልሞች ውስጥ ነጭ መስላ ያለፈችውን ልጅ በእናቷ የሬሳ ሣጥን ላይ ደፍቶ ያስለቅሳታል። ጥፋቱ የማን እንደሆነ ፊልሙ ነገረን፤ እኛም ሳንመረምር ተቀበልነው።

በመጀመሪያ የኦቤሮንን ነገር በሚገባ እናስታውስ። የተወለደችው በ1911 በቦምቤይ ከተማ ሲሆን ቤተሰቦቿ ኩዊኒ ብለው ይጠሯት ነበር። ያሳደገቻትና እናቷ ተብላ የምትታወቀው ሻርሎት ሴልቢ ከሲሎን፣ ማለትም ከዛሬዋ ስሪላንካ፣ የመጣች ክልስ ሴት ነበረች። ተዋናይቷ ከሞተች በኋላ በወጣው የልደት ማስረጃ ላይ ግን እናት ተብላ የተመዘገበችው የሻርሎት ልጅ ኮንስታንስ ናት። ኮንስታንስ መርልን ስትወልድ ገና ለአካለ መጠን ያልደረሰች ልጅ ስለነበረች፣ ሻርሎት የልጅ ልጇን እንደ ራሷ ልጅ አድርጋ አሳደገቻት። አያቱን እማዬ እያለ ያደገ ሰው በእኛም አገር ብዙ ነውና ይህ ለአማርኛ አንባቢ እንግዳ ነገር አይደለም። ልጅቷ በካልካታ አድጋ በ1920ዎቹ መጨረሻ ወደ አውሮፓ ተሻገረች፤ በለንደንም አሌክሳንደር ኮርዳ የተባለው ፕሮዲውሰር በ1933 ስለ ንጉሥ ሄንሪ ስምንተኛ በሠራው ፊልም ላይ የንግሥት አን ቦሊንን ሚና ሰጣት። ስሟ እየታወቀ ሲመጣ ለሕዝብ የሚነገር የትውልድ ታሪክ አስፈለገ። የተመረጠችው የአውስትራሊያዋ ታስማኒያ ደሴት ነበረች። ታስማኒያ ያን ጊዜ በእንግሊዝ ዘውድ ሥር ነበረች፤ በዚያ ላይ ከለንደንም ከሎስ አንጀለስም እጅግ ሩቅ ስለሆነች ማንም ሄዶ አያጣራም ተብሎ ታሰበ። ኦቤሮንም በ1935 በተሠራው «ዘ ዳርክ ኤንጅል» በተባለው ፊልም ለኦስካር ታጨች።

ሻርሎት በለንደን አብራት ትኖር ነበር። የሕይወት ታሪኳን የጻፉ ሰዎች እንደሚተርኩት፣ እንግዳ ሲመጣ ያቺ ጠቆር ያለች ሴት የቤት ሠራተኛ ተብላ ትታይ ነበር፤ በ1937ም ሞተች። ኦቤሮን ከሞቷ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1978፣ ወደ ታስማኒያ ዋና ከተማ ሆባርት ተጋብዛ ሄዳ ነበር። ከተማዋ እንደ አገር ልጅ ተቀብላ የክብር ግብዣ አደረገችላት፤ እርሷ ግን የተወለደችበት አገር አልነበረም። በ1979 ስታርፍ እውነቱን ለሕዝብ ሳትናገር ነበር። አደባባይ የወጣው በ1983 በታተመ የሕይወት ታሪኳ ነው።

ይህን ሁሉ ስንሰማ ልባችን ወደ ሻርሎት ያዘነብላል፤ መሆንም አለበት። በእኛ ዘንድ እናቱን የካደ ሰው ይቅርታ የሚያገኝበት ቦታ ጥቂት ነው፤ ያሳደገች ደግሞ ከወለደች አታንስም። ሆኖም አያትና ልጅ በአንድ ጣሪያ ሥር አብረው መኖርን መርጠው፣ አብሮ ለመኖር ግን አንዷ የሌላዋ ገረድ መስላ መታየት ካለባት፣ መጠየቅ ያለብን ቤቱን እንዲህ አድርጎ የከፈለው ማን እንደሆነ ነው።

ቤቱን ለሁለት የከፈለው አካል የታወቀ ነው። በዊል ሄይስ ይመራ የነበረው የአሜሪካ የፊልም አምራቾችና አከፋፋዮች ማኅበር በ1927 በፊልም ሊታዩ የማይገባቸውን ነገሮች ዝርዝር ሲያወጣ፣ በነጭና በጥቁር መካከል የሚደረገውን የፍቅርና የሥጋ ግንኙነት ከተከለከሉት ውስጥ አስገባው። በ1930 ዝርዝሩ ሰፋ ብሎ ደንብ ሆነ። በ1934 ደግሞ በጆሴፍ ብሪን የሚመራ የቁጥጥር ጽሕፈት ቤት ሥራውን ጀመረ፤ ስክሪፕቱን ከመቀረጹ በፊት፣ ፊልሙንም ለሕዝብ ከመቅረቡ በፊት ይመረምር ነበር። የጽሕፈት ቤቱን ማኅተም ያላገኘ ፊልም በታላላቆቹ ኩባንያዎች ሲኒማ ቤቶች አይታይም፤ ደንቡን ጥሶ ፊልም የሚያወጣ አባል 25,000 ዶላር መቀጮ ይጠብቀዋል። የነጭና የጥቁር ግንኙነት ክልከላ ከደንቡ የተሰረዘው በ1956 ነው።

የደንቡ ቃል ስለ ነጭና ስለ ጥቁር ቢናገርም ስቱዲዮዎቹ እስያውያንንም ከበር መልሰውበታል። ሎስ አንጀለስ ተወልዳ ያደገችው ቻይናዊት አሜሪካዊት አና ሜይ ዎንግ በዘመኑ በዓለም ዙሪያ የታወቀች ተዋናይት ነበረች። ኤም ጂ ኤም የተባለው የፊልም ኩባንያ ስለ ቻይና ገበሬዎች የሚተርከውን «ዘ ጉድ ኧርዝ» የተባለ ፊልም ሲያዘጋጅ የባልየው ሚና ለነጩ ፖል ሙኒ ተሰጠ። ባልየው ነጭ ከሆነ ሚስቱን የምትጫወተውም ነጭ መሆን አለባትና ዋናው የሴት ሚና ለሉዊዝ ሬይነር ሆነ። ለዎንግ የታሰበላት ክፉዋ ቁባት ነበረች፤ እርሷም አልቀበልም አለች። ሬይነር ቻይናዊት መስላ በመጫወቷ ኦስካር ተሸለመች። በዚያው ዘመን ስዊድን የተወለደው ዋርነር ኦላንድ ቻርሊ ቻን የተባለውን ቻይናዊ መርማሪ በተከታታይ ፊልሞች እየተጫወተ ይከበር ነበር።

እዚህ ላይ እባካችሁ ቆም ብላችሁ አስቡ። ነጩ ተዋናይ ዓይኑን አስጠብቦ፣ ፊቱን ተቀብቶ ቻይናዊ፣ ህንዳዊ ወይም ጥቁር ሲሆን ትወና ተባለለት፤ ተጨበጨበለት፤ ሽልማትም አገኘበት። ከህንድ የመጣችው ልጅ ነጭ ስትሆን ግን ክህደት ተባለባት። ሁለቱም ያልሆኑትን መስለው ታይተዋል። ነጩ ሌላውን በመምሰሉ ምንም አይቀርበትም፤ ኦቤሮን ግን አንድ ቀን ቢታወቅባት ሥራዋንም በአሜሪካ መቆየቷንም ልታጣ ትችል ነበር። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1923 በባጋት ሲንግ ቲንድ ጉዳይ ላይ በሰጠው ውሳኔ የህንድ ተወላጅ በዜግነት ሕግ ፊት ነጭ አይደለም፣ ዜጋም ሊሆን አይችልም ብሎ ነበር፤ ይህ የተሻሻለው በ1946 ነው። ሆሊውድ የሚገኝባት ካሊፎርኒያ ራሷ ነጭን ከጥቁርና ከእስያዊ ጋር ማጋባትን ትከለክል ነበር፤ ክልከላው በፍርድ ቤት የፈረሰው በ1948 ነው። በመላው አሜሪካ እንዲህ ያለው ሕግ እስኪሻር እስከ 1967 መጠበቅ አስፈልጓል። እንግዲህ ልጅቷ የዋሸችው እንዲህ ላለ መንግሥትና እንዲህ ላለ ገበያ ነው።

አሁን ወደ ፊልሙ ልምጣ፤ ምክንያቱም ስለ እንዲህ ያሉ ሰዎች የምናስበው አብዛኛው ነገር ከአንድ ፊልም የተቀዳ ይመስለኛል። ፊልሙ ዩኒቨርሳል ኩባንያ በ1934 ያወጣው፣ ጆን ስታል የመራው «ኢሚቴሽን ኦፍ ላይፍ» ነው። ክሎዴት ኮልበርት የምትጫወታት ቢ የተባለች ነጭ ባለቤቷ የሞተባት ሴት ስትሆን፣ ሉዊስ ቢቨርስ የምትጫወታት ደሊላ ደግሞ ጥቁር የቤት ሠራተኛዋ ናት። ሁለቱም አንዳንድ ሴት ልጅ አላቸው። የደሊላ ልጅ ፒዮላ ፍጹም ነጭ ትመስላለች። የቢ ቤት የሚለወጠው በደሊላ የፓንኬክ አሠራር ነው፤ የደሊላ ፊት በዱቄቱ ካርቶን ላይ ታትሞ ይሸጣል፤ ሀብትም ይጎርፋል። ቢ ለደሊላ ከትርፉ 20 በመቶ ልስጥሽ፣ የራስሽንም ቤት ትገዣለሽ ስትላት ደሊላ ደንግጣ ከዚህ ቤት አታስወጪኝ ብላ ትለምናለች። ፒዮላ በትምህርት ቤት ነጭ መስላ ስትማር፣ ዝናብ ሲጥል እናቷ ልብስ ይዛላት ክፍሉ ድረስ ትመጣና ነገሩ ይገለጣል። ካደገች በኋላ ገንዘብ ተቀባይ ሆና በምትሠራበት ቦታ እናቷ ፈልጋ ስታገኛት አላውቃትም ትላለች። ደሊላ በሐዘን ትሞታለች፤ በነጭ ፈረሶች በሚጎተት ሠረገላ በክብር ስትሸኝ ፒዮላ ሕዝቡን ጥሳ መጥታ በሬሳ ሣጥኑ ላይ ወድቃ እናቴን የገደልኳት እኔ ነኝ እያለች ታለቅሳለች።

ይህን አይቶ ያላለቀሰ ሰው ጥቂት ነው። ሉዊስ ቢቨርስም የተጫወተችው በእውነት ነው፤ የእርሷን ትወና ዝቅ ለማድረግ አንድም ቃል አልናገርም። ነገር ግን በዚሁ ፊልም ውስጥ ከለቅሶው ይልቅ እውነቱን የሚናገር አንድ ትዕይንት አለ። ሁለቱ ሴቶች በሀብታቸው በተሠራው ትልቅ ቤት ውስጥ ደህና እደሪ ተባብለው ይለያያሉ፤ ቢ በደረጃው ወደ ላይ ወደ መኝታዋ ትወጣለች፤ ደሊላ ደግሞ በደረጃው ወደ ታች ትወርዳለች። ሀብቱ የመጣው በደሊላ እጅ ነው፤ እርሷ ግን የምታድረው ምድር ቤት ነው። ፒዮላ ያደገችው ያንን ደረጃ በየማታው እያየች ነው። እናቷን አልወደደችም የሚያሰኝ አንድም ነገር የለም፤ የሸሸችው ከደረጃው ታች ነው። ፊልሙ ይህን በካሜራ አሳይቶ ሲያበቃ በቃል ግን ጥፋቱን በልጅቷ ላይ ያደርጋል፤ ደረጃውን ስለሠራው ሰው አንድም ነገር አይልም።

የብሪን ጽሕፈት ቤትም በዚህ ስክሪፕት ብዙ ተጨንቆ ነበር። የተጨነቀበት ምክንያት ያስገርማል፦ በፊልሙ ውስጥ ነጭና ጥቁር የሚፋቀሩበት ቦታ የለም፤ ነገር ግን የፒዮላ መልክ ብቻውን በአንድ ወቅት ነጭና ጥቁር ልጅ መውለዳቸውን ይመሰክራል። ስለዚህም ደሊላ የልጅቷ አባት በጣም ቀይ የሆነ ጥቁር ሰው ነበር የምትለው ቃል በፊልሙ ውስጥ ይሰማል። በባርነት ዘመን በእርሻ ጌቶች ቤት የሆነውን ሁሉ አሜሪካዊ ያውቃል፤ በሸራው ላይ ግን የዚያ ታሪክ ምስክር የሆነ ፊት እንኳ ምክንያት ተፈልጎለት እንዲታይ ተደረገ።

ያንን ፊት ይዛ የቀረበችው ፍሬዲ ዋሽንግተን ናት፤ ይህን ደብዳቤ ለመጻፍ የተነሣሁትም ከሁሉ በላይ ስለ እርሷ ነው። ፍሬዲ በ1903 በጆርጂያ ግዛት በሳቫና ከተማ ከጥቁር ቤተሰብ ተወለደች። ዓይኖቿ አረንጓዴ፣ ቆዳዋ ነጣ ያለ ስለነበረ በመንገድ ላይ ያያት ሁሉ ነጭ ናት ብሎ ያስባል። በኒው ዮርክ መድረኮች በዳንስ ጀምራ፣ በ1926 ከጥቁሩ ተዋናይና ዘፋኝ ከፖል ሮብሰን ጋር በብሮድዌይ ቴአትር ተጫወተች፤ በ1929ም ከጃዝ ሙዚቀኛው ከዱክ ኤሊንግተን ጋር በአጭር ፊልም ታየች። በ1933 «ዘ ኤምፐረር ጆንስ» በተባለው ፊልም እንደገና ከሮብሰን ጋር ስትቀርብ የሄይስ ጽሕፈት ቤት የተቀረጸውን አይቶ ተቃወመ፤ ተመልካቹ ሮብሰን ነጭ ሴት አቀፈ ብሎ ያስባል አለ። ስለዚህም ፍሬዲ ጠቆር የሚያደርግ ቅባት ተቀብታ እንደገና ተቀረጸች። በዓመቱ ደግሞ ነጭ መሳይ ስለሆነች የፒዮላን ሚና አገኘች። አንዲት ሴት በአንድ ዓመት ልዩነት ለጥቁር ሚና ከመጠን በላይ ነጭ ሆና ትጠቁራለች፤ ከዚያም ለሌላ ሚና በዚያው ንጣቷ ትፈለጋለች።

ከ«ኢሚቴሽን ኦፍ ላይፍ» በኋላ ስሟ ገነነ። ነጭ ነኝ ብትል ኖሮ የሆሊውድ በር ይከፈትላት እንደነበር በዘመኑ በግልጽ ይነገር ነበር። አልልም አለች። ጥቁር መሆኗን በየጋዜጣው ደጋግማ ተናገረች፤ የምታፍርበት ነገር እንደሌለ፣ ለማንም ስትል እንደማትዋሽ አስረዳች። እንዲያም ሆኖ ብዙ ተመልካች ፒዮላንና ተዋናይቷን መለየት አቅቶት በእውነተኛው ሕይወቷም ዘሯን የምትጠላ መስሎት ነበር። ባሏ ላውረንስ ብራውን በኤሊንግተን ባንድ ውስጥ ትሮምቦን ተጫዋች ነበር። ባንዱ በደቡብ ግዛቶች ሲዘዋወር ጥቁሮቹ ሙዚቀኞች ወደ አይስክሬም ቤት መግባት አይፈቀድላቸውምና እርሷ ገብታ ገዝታ ታወጣላቸው ነበር። ሻጮቹ ለነጭ የሸጡ መስሏቸው የነበረው ለማን እንደሆነ ሲያዩ የስድብ መዓት ያወርዱባታል። መልኳን የተጠቀመችበት ለወዳጆቿ ነው፤ የነጭነትን ጥቅም ለራሷ አልወሰደችም።

ዋጋዋ ምን ሆነ? ለጥቁር ሚና ነጣች፤ ለነጭ ሚና ደግሞ ጥቁር መሆኗን ተናግራለች። የመጨረሻ ፊልሟ በ1937 የወጣ ነው። በሠላሳዎቹ ዕድሜዋ፣ ገና በተዋናይነቷ ጫፍ ላይ ሳለች፣ ሆሊውድ የሚሰጣት ሥራ አለቀ። እንግዲህ ኦቤሮንና ፍሬዲ በአንድ ዘመን ለአንድ ጥያቄ ሁለት የተለያዩ መልሶች ሰጡ፤ አንዷ ተሸሽጋ ኮከብ ሆነች፤ ሌላዋ ተናግራ ከሸራው ጠፋች። ኦቤሮንን ከሃዲ እያልን የፍሬዲን ስም ካላስተማርን፣ እውነቱን ብትናገር ምን ይጠብቃት እንደነበር ከአድማጩ ደበቅን ማለት ነው።

የጥቁር ፊልም ሠሪዎች ራሳቸው ስለዚህ ጉዳይ ምን አሉ የሚል ጥያቄ ይነሳ ይሆናል። ኦስካር ሚሾ ከሆሊውድ ውጭ በራሱ ገንዘብና በየከተማው እየዞረ በሰበሰበው ድጋፍ ፊልም የሚሠራ ሰው ነበር። በ1920 የሠራው «ዘ ሲምቦል ኦፍ ዘ አንኮንከርድ» እንደ ዕድል ሆኖ ቅጂው በቤልጂየም ተገኝቶ ዛሬም አለ። በዚያ ፊልም ነጭ መስሎ የሚኖረው ድሪስኮል እናቱ ብቅ ብላ ምስጢሩ ሲገለጥ ይጣላታል፤ ጥቁሮችንም ይጠላል፤ ክፉው ሰው እርሱ ነው። በአንጻሩ ጀግናዋ ኢቭ ነጭ ብትመስልም ዘሯን አትክድም፤ የሚወዳት ጥቁር ሰው ግን ነጭ ናት ብሎ ስለሚያስብ ፍቅሩን ለመናገር ይፈራል። ሚሾ ነጭ መስሎ ማለፍን ይነቅፋል፤ ይህን አልክድም። ነገር ግን ነቀፋው ከቤት ውስጥ የሚሰማ የወንድም ነቀፋ ነው፤ በፊልሙም ውስጥ ጥቁሮችን የሚያሸብረው የነጮች ቡድን ኩ ክሉክስ ክላን በሌሊት ጋልቦ ይመጣል፤ ሰዎች ለምን እንደሚሸሹ ተመልካቹ ያያል። በ1938 በሠራው «ጎድስ ስቴፕ ችልድረን» ላይ ግን ነጭ መስላ ያለፈችው ናኦሚ በመጨረሻ ወንዝ ውስጥ ገብታ ራሷን ታጠፋለች። ፊልሙ በኒው ዮርክ ተቃውሞ ገጥሞታል፤ በእኔም አስተያየት ተቃዋሚዎቹ እውነት ነበራቸው።

ከዚያ ወዲያ የመጣው ነገር አልተሻለም። በ1949 ፎክስ የተባለው ኩባንያ «ፒንኪ» የተባለውን ፊልም በኤልያ ካዛን መሪነት ሲያወጣ ነጭ መስላ የኖረችውን ጥቁር ነርስ የተጫወተችው ነጯ ጂን ክሬን ነበረች፤ ለኦስካርም ታጨች። በቴክሳስ ግዛት በማርሻል ከተማ ፊልሙን ያሳየ የሲኒማ ቤት ሰው ተከሶ ተቀጣ፤ ቅጣቱን ጠቅላይ ፍርድ ቤት የሻረው በ1952 ነው። ነጭ ተዋናይት ጥቁር ሆና ነጭ ትመስላለች፤ ተመልካቹም ነጩ ተዋናይ የሳማት በእውነት ነጭ ሴት መሆኗን እያወቀ ሳይደነግጥ ይመለከታል። ፍሬዲ ዋሽንግተን ያን ጊዜ በሕይወት ነበረች፤ ሥራም ትፈልግ ነበር።

ነገሩ የአሜሪካውያን ብቻ ነው ብሎ የሚያስብ ካለ ወደ ራሳችን ታሪክ ይመልከት። ጣሊያን አገራችንን በያዘችበት ጊዜ በሚያዝያ 1937 የወጣው ሕግ ከአፍሪካዊት ጋር እንደ ባልና ሚስት የሚኖረውን ጣሊያናዊ ከአንድ እስከ አምስት ዓመት እስራት ይቀጣ ነበር። በግንቦት 1940 ደግሞ ጣሊያናዊ አባት ከአገሬው ሴት የወለደውን ልጅ ልጄ ነው ብሎ እንዳያስመዘግብ ተከለከለ። በእነዚህ ሕጎች መካከል፣ በ1938፣ ጉይዶ ብሪኞኔ «ሶቶ ላ ክሮቼ ዴል ሱድ» የተባለውን ፊልም አወጣ፤ ታሪኩ የሚካሄደው በተያዘችው ኢትዮጵያ ነው። በውስጡ ያለችው ማይሉ የተባለች ክልስ ሴት ጣሊያናዊውን ወጣት ከሥራው የምታዘናጋ ፈተና ሆና ትቀርባለች፤ የተጫወተችውም ጣሊያናዊቷ ዶሪስ ዱራንቲ ናት። እውነተኞቹ ክልስ ልጆች አባት ተነፍገው በአዲስ አበባና በአስመራ ሲያድጉ፣ በሸራው ላይ የእነርሱን መልክ ነጭ ሴት ተቀብታ ትሸጠው ነበር። ከዚያ ትውልድ ዛሬም በመካከላችን በዕድሜ የገፉ ሰዎች አሉ፤ ስለ ኦቤሮን ስትተርኩ እነርሱም እንደሚሰሟችሁ አትርሱ። በዋሽንግተን፣ በቴል አቪቭና በስቶክሆልም የሚያድጉ፣ አንዱ ወላጃቸው ብቻ አማርኛ የሚናገር ልጆችም ይሰሟችኋል፤ ከየትኛው ወገን ነህ ተብሎ መጠየቅ ለእነርሱ የዕለት ተዕለት ነገር ነው።

ስለዚህ የምጠይቃችሁ ይህን ነው። የኦቤሮንን ታሪክ ስታቀርቡ የ1934ቱን የቁጥጥር ጽሕፈት ቤትና የ1923ቱን የፍርድ ቤት ውሳኔ አብራችሁ አቅርቡ፤ ጊዜ ካጠረ ፍርዱን ተዉትና ሕጉን ንገሩ። የሻርሎትንም ሐዘን አትዝለሉት፤ እርሷን ገረድ ያደረጋት የልጅ ልጇ ሐፍረት ብቻ እንዳልነበረ ግን ግልጽ አድርጉ።

የምታስተምሩ ደግሞ «ኢሚቴሽን ኦፍ ላይፍ»ን ለተማሪዎች ስታሳዩ በመጨረሻው ለቅሶ ላይ አታቁሙ። ወደ ደረጃው መልሷቸው፤ ቤቱ በማን እጅ ሙያ እንደተሠራና ማን ምድር ቤት እንደሚያድር ራሳቸው ይናገሩ። ከተቻለ የሚሾን የ1920 ፊልም በዚያው ሳምንት አሳዩአቸው፤ ድምፅ አልባ ስለሆነ የቋንቋ ችግር አይኖርም፤ ጽሑፎቹን በአማርኛ እያነበባችሁ ልታስከትሉት ትችላላችሁ።

ፍሬዲ ዋሽንግተንን ደግሞ ፒዮላን የተጫወተችው ተዋናይት እያላችሁ ብቻ አታስተዋውቁ። ከሆሊውድ ሥራ ባጣችበት በ1937 የጥቁር ተዋንያን ማኅበር ሲመሠረት ከመሥራቾቹ አንዷ ነበረች፤ የመጀመሪያዋ ዋና ጸሐፊም ሆና አገልግላለች። በ1940ዎቹ በኒው ዮርክ የጥቁሮች ሰፈር በሃርለም ይታተም በነበረው «ዘ ፒፕልስ ቮይስ» ጋዜጣ ላይ የቴአትር ዐምድ አዘጋጅ ሆና፣ ጥቁር ተዋንያን በየመድረኩ የሚደርስባቸውን አድልዎ ስም እየጠራች ጻፈች። የኖረችው እስከ 1994 ነው። ስሟን በምትጠሩበት በመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ይህ ይቅደም፤ ፒዮላ ከዚያ በኋላ ትምጣ።

ከአክብሮት ጋር፣
የቀድሞ ፊልሞችን ታሪክ የሚከታተል ወገናችሁ